ስለ 5ኛ ክፍል የጉም ታሪክ ለወላጆች የተላከ ደብዳቤ

ለተከበራችሁ የተማሪዎቻችን ወላጆችና አሳዳጊዎች፣

እንደምን ሰነበታችሁ? የሩብ ዓመቱ ፈተና በኅዳር መጀመሪያ ይሰጣል። የጥቅምት ክፍያ የቀረባችሁ እባካችሁ ከዚያ በፊት አጠናቅቁ። አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ ልግባ።

ሰሞኑን የቢሮው ስልክ እረፍት የለውም። «ልጆቻችንን አስማት እያስተማራችሁ ነው» ተብለናል። ሐሙስ የአማርኛ ክፍለ ጊዜ ስላለ ብቻ ልጃቸውን ከቤት ያስቀሩ ወላጆችም አሉ። ስለዚህ ክፍል ውስጥ የሚሠራውን በግልጽ ልንገራችሁ።

ልጆቹ በምናባቸው አንድ አገር ፈጥረው ታሪክ እየጻፉ ነው። በዚያ አገር ከተራራው ጉም ሲወርድ ሰዎች ድምፅ ይለዋወጣሉ። ጉሙ እስኪገፈፍ ድረስ ሁሉም የሚያወራው በሌላ ሰው ድምፅ ነው። የአንዱን ልጅ ደብተር ቁጭ ብዬ አነበብኩት። ጠዋት ከቤት ሲወጣ የሰፈሩ ዘበኛ በእናቱ ድምፅ ቁርስ በልቶ እንደሆነ ይጠይቀዋል። «ጠየቀኝ» ብሎ ጽፎ ሰርዞታል። «ጠየቀችኝ» አድርጎ ይህንንም ሰርዟል። በመጨረሻ «ጠየቀኝ፣ ድምፁ ግን የእማዬ ነበር» ብሎ አስተካክሎታል። አምስተኛ ክፍል ላይ ያለ ልጅ ለአንድ ዓረፍተ ነገር ይህን ያህል ሲጨነቅ ማየት ምን ያህል እንደሚያስደስት መምህር የሆነ ያውቀዋል።

መምህራቸው ዝም ብላ ጻፉ አላለቻቸውም። «ጉማችሁ ሕግ ይኑረው፤ መቼ ይወርዳል? ለምን ይነሳል?» አለቻቸው። ልጆቹም ግቢ ወጥተው እንጦጦን አዩ። እኛ ከእንጦጦ ሥር ጉራራ ሰፈር ያለን ሰዎች ጠዋት ባህር ዛፉ በጉም ተውጦ ማየት ብርቃችን አይደለም። ለምን እንደሚሆን ግን ብዙዎቻችን ጠይቀን አናውቅም። እነሱ ጠየቁ። እርጥብ አየር ከ3000 ሜትር በላይ ወደሚደርሰው ተራራ ሲወጣ ይቀዘቅዛል። የያዘው እንፋሎትም ጥቃቅን የውኃ ጠብታ ይሆናል። ጉም መሬት የነካ ደመና ነው። ፀሐይ ሲበረታ ጠብታው ተመልሶ ይተናል። በታሪካቸው ውስጥም ድምፅ ወደ ባለቤቱ የሚመለሰው ፀሐይ ሲሞቅ ነው። ይህ ሳይንስ ካልሆነ ምን ሊባል ነው?

«ሃይማኖታችን አይፈቅድም» ለምትሉ፣ እምነታችሁን አከብራለሁ። ነገር ግን በደብተሮቹ ውስጥ ድግምት የለም። መንፈስ የሚጠራ የለም። ፀሐይና ዝናብ አንድ ላይ ሲሆኑ «ጅብ ወለደች» እየተባልን ያደግን ሰዎች ነን። ቀስተ ደመናን የማርያም መቀነት ስንል ኖረናል። አንበሳና ጦጣ በሚያወሩበት ተረት እንቅልፍ ወስዶናል። ያን ሰምቶ ጠንቋይ የሆነ ልጅ አላውቅም።

«ለተረት ነው እንዴ የምንከፍለው?» የምትሉም አትጠፉም። በሚቀጥለው ዓመት እነዚህ ልጆች የ6ኛ ክፍል ከተማ አቀፍ ፈተና ይጠብቃቸዋል፤ ይህን አልረሳንም። ከመጽሐፉ የቀረ ምዕራፍም የለም። ግን አንድ ገጽ ጽፎ የማያውቅ ልጅ ምንባብ ሲሰጡት ግራ ይጋባል። በቃል የተሸመደደ ሰዋስው ብቻውን ልጅ አያጽፍም። ይህን በወላጆች ስብሰባ ላይ ደጋግሜ አስረድቻለሁ፤ አሁንም አስረዳለሁ።

ልጃችሁ ማታ ፈርቶ ከሆነ ግን ነገሩ ሌላ ነው። ለመምህሯ ንገሯት። ለብቻው ታነጋግረዋለች፤ ከፈለገም ስለ ሌላ ነገር ይጽፋል። ይህን ያነሳችሁ እናቶች ልክ ናችሁ። በዚህ አልከራከርም።

የማልቀበለው ደብተሩን ሳይገልጡ መክሰስን ነው። በወሬ ብቻ «የሰይጣን ትምህርት» ማለት ወጣቷን መምህር ይጎዳል፤ ልጁንም የጻፈውን እንዲያፍርበት ያደርጋል። «ለምን አስቀድማችሁ አላሳወቃችሁንም?» ትሉ ይሆናል። የሴሚስተሩ እቅድ በመስከረም ለሁላችሁም ተልኳል፤ የፈጠራ ጽሑፍ እዚያ ላይ አለ።

ሥራው አይቋረጥም። በመጪው ሐሙስ ከጠዋቱ 3 ሰዓት ላይ ልጆቹ ታሪካቸውን ያነባሉ፤ መጥታችሁ ስሙ። የምታርፉበት ወንበር ይዘጋጃል። ከሥራ መውጣት የማይመቻችሁ ደብተሩን ቤት ወስዳችሁ አንብቡ። ያለ በቂ ምክንያት የቀረ ተማሪ ግን እንደማንኛውም ቀን ቀሪ ተብሎ ይመዘገባል።

ከአክብሮት ጋር፣
የትምህርት ቤቱ ርዕሰ መምህር