ስለ እንግዳው ጀግና

ይድረስ ለምወድህ ወንድሜ ለጋሻው፦

ለጤናህ እንደምን ከርመሃል? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ስልኩ ደብዳቤን አስረሳን፣ ስልኩም ሳይደወል ይኸው ዓመት አለፈ።

ካርቱን መሥራት መጀመርህን ሰማሁ። መብረቅ ወርዋሪው የውጭ አገር ጀግና ጎንደር መጥቶ ከእኛው ጋር የሚገናኝበትን ክፍል ከመጻፍህ በፊት ስታቲክ ሾክ የተባለውን የአሜሪካ ካርቱን እይ። በ2003 እ.ኤ.አ. በታየ አንድ ክፍል ዋናው ጀግና ቨርጂል፣ ማለትም ስታቲክ፣ ከአባቱና ከእህቱ ጋር ጋና ይሄድና ሸረሪቱ የሚባለውን የአገሩን ጀግና አናንሲን ያገኛል። የአናንሲን ድምፅ የሠራው ካርል ላምብሊ ነው፤ የሰከነ፣ የትልቅ ሰው ድምፅ።

እንግዳ ጀግና ብዙ ጊዜ አጃቢ ሆኖ ይቀራል። እዚህ ግን ለፊልሙ እንግዳ የሆነው አናንሲ ለአገሩ ባለቤት ነው፤ መንገድ የሚጠፋበት ቨርጂል ነው። ኃይላቸውም አይደራረብም። ስታቲክ በኤሌክትሪክ ይመታል፣ ብረት ይስባል፣ በብረት ዝርግ ላይ ቆሞ ይበራል። አናንሲ ከአያት ቅድመ አያቱ በወረሰው የሸረሪት ክታብ ግድግዳ ይወጣል፣ የሌለውን ነገር ያሳያል። ሁለቱም መቺ ቢሆኑ ኖሮ አንዱ ትርፍ ነበር።

ምትሀት ግን ለጸሐፊ አደገኛ ነው። ጀግናው ሁልጊዜ «የመታችሁት ጥላዬን ነው» ማለት ከቻለ ማን ይሰጋለታል? ክታቡ ይህን ይፈታል፤ ሊነጠቅ የሚችል ዕቃ ነውና። አናንሲ በኋላ በተራው ወደ ቨርጂል ከተማ ሲመጣ የሚሰረቀውም ይኸው ክታብ ነው። የአንተም ጀግና ኃይሉ በዓይን የሚታይ ነገር ላይ ይደር።

በጣም የወደድኩት ጠላቱን ነው። በጋናው የአካን ሕዝብ ተረት ሸረሪቱ አናንሲ የሰማዩን አምላክ የንያሜን ተረቶች ለመግዛት ዘንዶውን ኦኒኒን፣ ነብሩን ኦሴቦን፣ ተናዳፊዎቹን ምሞቦሮን አጥምዶ ማቅረብ ነበረበት። በካርቱኑ ቀንደኛው ጠላት ያው ኦሴቦ ነው። ተረቱን የማያውቅ ልጅ ምንም አይጎድልበትም፣ የሚያውቀው ፈገግ ይላል። አንተም ከእኛ ተረት ስትወስድ በገጸ ባሕርያቱ አፍ አታብራራው። የአገሩ ጀግና በምሳሌያዊ አነጋገር ብቻ የሚያወራ ሽማግሌ ከሆነ ደግሞ አለቀለት።

ቦታው ራሱ ይሥራልህ። ስታቲክን ውሃ ሲነካው ኃይሉ ይከዳዋል፤ የአንተንም እንግዳ እንዲሁ አድርገውና ለጥምቀት ፋሲል መዋኛ አውርደው። ውሃው ሞልቶ፣ ወጣቱ እየዘለለ ሲገባ መብረቅ ቢወረውር የሚፈጀው ሕዝቡን ነው። ግንቡ ድንጋይና ኖራ ስለሆነ የሚስበው ብረት እምብዛም አያገኝም፤ አራዳ ግን ቆርቆሮው ሁሉ ይነሣለታል (ባለ ሱቆቹ ይታዩኛል!)።

በሴኮንድ 12 ሥዕል ከሠራህ የ20 ሴኮንድ ትዕይንት ለአንድ ተንቀሳቃሽ ሰው 240 ሥዕል ይበላል። ስለዚህ ነጭ ለባሹን ሕዝብ እንደ ጀርባ ሥዕል አንዴ ሥለህ አስቀምጠው፤ የሚንቀሳቀሱት ከፊት ያሉት ሦስት አራት ሰዎችና ውሃው ብቻ ይሁኑ። ድምፁን ከሥዕሉ በፊት ቅዳ፤ አፍን ከድምፅ ጋር ማስማማት ይቀላል፣ ተዋናይን ከተሣለ አፍ ጋር ማስማማት ግን ጭንቅ ነው።

የመዋኛውን ትዕይንት ስቶሪቦርድ (የቅደም ተከተል ንድፉን) ስትጨርስ ላክልኝ። እማማን ሳምልኝ።

ወንድምህ