ቾክ የያዘች እጅ ለጤና ኮሚቴ አትበቃም?

ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ባለፈው ሳምንት በሰፈራችን፣ በጅማ መንደራ ኮቺ፣ የጤና ኮሚቴ አባላት ስንመርጥ አንዲት ወጣት የሳይንስ መምህርት ተጠቆመች። ወዲያው አንድ አባወራ ተነሥተው «ቾክ ይዛ ከመዋል በቀር ስለ ጤና ምን ታውቃለች?» አሉ። ልጅቱ አንገቷን ደፋች፤ ጥቆማውም በዚያው ቀረ። ሠላሳ አንድ ዓመት ባዮሎጂ ያስተማርኩ ነኝና ንግግሩ ከጆሮዬ አልወጣ ብሏል።

ለእኚህ ሰው የሕንዷን ኬ ኬ ሻይላጃን ታሪክ ልንገራቸው። ሴትየዋ በኬረላ ግዛት የሁለተኛ ደረጃ ሳይንስ መምህርት ነበሩ። በ1996 እ.ኤ.አ. የግዛቱ ምክር ቤት አባል ሆነው ተመረጡ፤ በ2004 ማስተማሩን ትተው ጠቅልለው ፖለቲካ ገቡ፤ በ2016 የኬረላ ጤና ሚኒስትር ሆኑ። ሕዝቡ ግን ከሹመቱም በኋላ የሚጠራቸው «ሻይላጃ ቲቸር» እያለ ነው። የእኛም ልጆች በትምህርት ቤት ግቢ የሚጠሩን በዚሁ ቃል ነው።

ኬረላ ለእኔ ሩቅ አገር አይደለም። በ1960ዎቹ ፊዚክስ ያስተማሩኝ ሕንዳዊት ከዚያ የመጡ ነበሩ። ሳሪያቸው ቾክ እንዳይነካው በግራ እጃቸው ሰብስበው ሰሌዳው ላይ ሲጽፉ ዛሬም ይታየኛል። ያልገባው ልጅ ካለ ትምህርቱን እንደገና ከሥሩ ይጀምሩልን ነበር።

በ2018 እ.ኤ.አ. ኒፓህ የተባለው ቫይረስ ኬረላ ገባ። ፍራፍሬ ከሚበላ የሌሊት ወፍ የሚመጣ፣ ክትባት የሌለው፣ ከያዛቸው ሰዎች ብዙዎቹን የሚገድል በሽታ ነው። በሽተኞችን ስታስታምም የነበረች ነርስም ሞተች። በሽታው የተነሣበት መንደር ሰው ጓዙን ጠቅልሎ ሊሸሽ ሲሰናዳ ሚኒስትሯ ሐኪሞቻቸውን ይዘው እዚያው ድረስ ሄዱ። ሰዉን ሰብስበው በሽታው በቅርብ ንክኪ እንጂ በሩቅ እንደማይተላለፍ፣ ከሚያስል ሰው አንድ ሜትር መራቅ እንደሚበቃ አስረዱት። ሰዉ ሲገባው ተረጋጋ፤ ከመንደሩም አልወጣ። ይህ የመምህር ሥራ ካልሆነ የማን ሊሆን ነው?

እኔም በ2012 ዓ.ም. ኮሮና ሲገባ ያየሁት አለ። በድምፅ ማጉያ «እጃችሁን ታጠቡ! አትጨባበጡ!» እየተባለ ይታወጅ ነበር፤ ለምን እንደሆነ ግን የሚነግረን አልነበረም። አንድ ቀን ጎረቤቶቼ ለቡና ተሰብስበው ሳለ መዳፌን እርድ ቀብቼ የአንዷን እጅ ጨበጥኩ። እሷ ሲኒ አነሣች፤ ሲኒው ለሌላዋ ተላለፈ፤ ያችኛዋ ደግሞ የሕፃን ልጇን ጉንጭ ዳሰሰች። ሕፃኑ ጉንጩ ላይ ቢጫ ጣት ታትሞበት ሲያዩ ሁሉም ጸጥ አሉ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ውኃና ሳሙና ከበራቸው አልጠፋም።

ሻይላጃ ቲቸር በ2021 እ.ኤ.አ. ምርጫ ተፎካካሪያቸውን በ60,963 ድምፅ በልጠው አሸነፉ። ሆኖም ፓርቲያቸው አዲስ ካቢኔ ሲያዋቅር ነባሮቹን ሚኒስትሮች በአዲስ ሲተካ እሳቸውም አብረው ቀሩ። እኔ በበኩሌ አሳዝኖኛል። ቢሆንም ድምፁን የሰጣቸው ሕዝብ ስለ ሥራቸው ያለው ግልጽ ነው።

የሰፈራችን ምርጫ ገና አላለቀም፤ አንድ ቦታ ክፍት ነው። በሚቀጥለው ስብሰባ ያችን ልጅ እኔ ራሴ እጄን አውጥቼ እጠቁማታለሁ። እኚያ አባወራም እንዲገኙልኝ በአክብሮት እጠይቃለሁ።

ጡረታ የወጣች የባዮሎጂ መምህርት
ከመንደራ ኮቺ፣ ጅማ