«የመጀመሪያው ጋዜጣ» ስለተባለው፤ ከአንባቢ የቀረበ የእርማት ጥያቄ

ይድረስ ለተከበራችሁ የጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ባለፈው እትማችሁ ስለ ጋዜጦች ታሪክ ባወጣችሁት ጽሑፍ፣ በእንግሊዝ ቅኝ ግዛት ዘመን በሰሜን አሜሪካ የታተመው የመጀመሪያው ጋዜጣ እ.ኤ.አ. በ1704 የተቋቋመው «ቦስተን ኒውስ ሌተር» መሆኑን ገልጻችኋል። ዘመኑም ከተማውም ትክክል ነው፤ «የመጀመሪያው» የሚለው ቃል ግን መታረም አለበት። ኒውስ ሌተር ዕድሜ ያገኘ የመጀመሪያው ጋዜጣ ነው እንጂ፣ ከዚያ አሥራ አራት ዓመት ቀደም ብሎ፣ ሴፕቴምበር 25 ቀን 1690፣ በዚያው በቦስተን «ፐብሊክ ኦከረንስስ» የተባለ ጋዜጣ ታትሞ ለሕዝብ ተሰራጭቶ ነበር።

አዘጋጁ ቤንጃሚን ሃሪስ ለንደን ሳለ ባሳተመው የፖለቲካ ጽሑፍ ምክንያት ተከሶ 500 ፓውንድ የተቀጣ፣ በአደባባይም ለሕዝብ መሳለቂያ እንዲሆን ታስሮ የቆመ ሰው ነበር። በ1686 ወደ ቦስተን ተሻግሮ መጽሐፍ ይሸጥ፣ የቡና ቤትም ይሠራ ጀመር። ቡና ባለበት ወሬ እንደማይጠፋ ለእኛ አገር አንባቢ ማስረዳት አያሻም። ጋዜጣው በወር አንድ ጊዜ፣ ወሬ ከበዛ ደግሞ ቶሎ ቶሎ እንደሚወጣ አስታውቆ ነበር። በመጀመሪያው እትም ላይ በቦስተን ፈንጣጣ ጋብ ማለቱና 320 ያህል ሰው መግደሉ፣ የደረሰ የእሳት ቃጠሎ፣ ሚስቱ የሞተችበት አንድ ሰው በከብቶች ቤት ራሱን መስቀሉና በካናዳ ፈረንሳዮች ላይ የተደረገው ዘመቻ ሁኔታ ተጽፏል።

እኔን ከሁሉ ይበልጥ የሚገርመኝ ግን ያልተጻፈበት ገጽ ነው። ጋዜጣው አራት ገጽ ሲኖረው የታተመው ሦስቱ ብቻ ነው፤ አራተኛው ባዶውን የተተወው፣ የገዛው ሰው የራሱን ወሬ በእጁ ጽፎበት ራቅ ብሎ ላለ ወዳጁ እንዲልከው ታስቦ እንደሆነ ይነገራል። አራት ኪሎ ጋዜጣ እየተከራየን ያነበብን ሰዎች፣ ከእኛ በፊት የያዘው አንባቢ «አግድምና ቁልቁሉን» በእስክሪቢቶ ሞልቶት፣ በዳርና ዳሩም የመሰለውን ጽፎበት ሲደርሰን እንናደድ ነበር። ሃሪስ ግን ለዚህ ጸሐፊ አንባቢ አስቀድሞ ቦታ ለቅቆለታል።

ጋዜጣው የቆየው አራት ቀን ብቻ ነው። ቦስተን የምትገኝበት የማሳቹሴትስ ቅኝ ግዛት ገዥና ምክር ቤት ሴፕቴምበር 29 ቀን ባወጡት ትእዛዝ፣ ኅትመቱ ባለሥልጣን ሳያውቀውና ሳይፈቅደው የወጣ መሆኑን፣ ያልተረጋገጡ ወሬዎችም እንዳሉበት ገልጸው፣ ቅጂዎቹ እንዲሰበሰቡና ወደፊትም ያለ ፈቃድ ምንም እንዳይታተም ከለከሉ። በርግጥ ሃሪስ ስለ ፈረንሳዩ ንጉሥና ስለ ልጃቸው ሚስት የጻፈው ነውረኛ ወሬ፣ የእንግሊዞች አጋር የነበሩትን ሞሃኮች የተባሉትን የአሜሪካ ነባር ተወላጆችንም «አረመኔዎች» እያለ መዝለፉ ገዥዎቹን አስቆጥቷል፤ ይህንንም ለመከላከል አልነሣም፤ ስድቡ ስድብ ነው። ነገር ግን ትእዛዙ አንዱን ወሬ ከሌላው ሳይለይ ማንኛውንም ኅትመት በፈቃድ ሥር ማስገባቱን ስናይ፣ ወሬው ባይኖርም ጋዜጣው ብዙ ዕድሜ ያገኝ ነበር ብዬ አላምንም። ትእዛዙ በሚገባ ስለተፈጸመም፣ ከዚያ ኅትመት የተረፈው ቅጂ ኋላ የተገኘው ቦስተን ሳይሆን ለንደን፣ በመንግሥት መዝገብ ቤት ውስጥ ነው።

የኒውስ ሌተር አዘጋጅ ጆን ካምቤል ደግሞ የቦስተን የፖስታ ቤት ሹም ነበር፤ ጋዜጣውን ከማተሙ በፊት በእጅ የተጻፈ የወሬ ደብዳቤ ለአካባቢው ገዥዎች ይልክ ነበር። ሚያዝያ 1704 ጋዜጣው ሲወጣ ከስሙ ሥር «በባለሥልጣን ፈቃድ የታተመ» የሚል ቃል ነበረበት። ወሬው ግን ዘገምተኛ ነበር፤ በ1719 የአውሮፓው ዜና አሥራ ሦስት ወር ወደ ኋላ መቅረቱን ካምቤል ራሱ ለአንባቢዎቹ ገልጿል። ያም ሆኖ ጋዜጣው እስከ 1776 ድረስ፣ ሰባ ሁለት ዓመት ያህል ኖሯል። ስለ ዕድሜው ምስጋና ይገባዋል፤ የቀዳሚነቱ ስም ግን ፈቃድ ሳይጠይቅ ለታተመውና ስለዚሁ ለታገደው ሊሰጥ ይገባል።

ሃሪስ በዚያው እትም፣ ስሕተት ከተገኘ በሚቀጥለው አስተካክላለሁ ሲል ለአንባቢዎቹ ቃል ገብቶ ነበር፤ የሚቀጥለው እትም ግን አልወጣም። የእናንተ የሚቀጥለው እትም ቀኑን ጠብቆ ስለሚወጣ፣ ይህችን እርማት በጠባብ ዓምድም ቢሆን እንድታስገቡልኝ በትሕትና እጠይቃለሁ።

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር፣
የዘወትር አንባቢያችሁ
አዲስ አበባ