እማዬ፣ ያኔ ሕጉ ነበር የመለሰሽ

ውድ እማዬ፣

እንዴት ሰነበትሽ? ጉልበትሽን ተሻለሽ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን።

ይህን ፊት ለፊት ልነግርሽ አልደፈርኩም፣ ለዚያ ነው የምጽፈው። ባለፈው እሁድ ያቺ የሰፈራችን ልጅ ፊቷ አብጦ መጣች። «ቻዪው ልጄ፣ እኔም ችዬ ነው ያሳደግኋቸው» ስትያት ሰማሁ። ሌሊቱን እንቅልፍ አልወሰደኝም።

አያቴ ቤት ሸሽተሽ የገባሽባቸውን ሦስት ጊዜያት አልረሳኋቸውም። ሽማግሌዎቹ ይሰበሰባሉ። እኔ ቡና አቀርባለሁ። «ባልና ሚስት መቼም ይጋጫል፣ ይቅር ተባባሉ» ብለው ይመርቃሉ። አንቺ ነጠላሽን ፊትሽ ላይ ስበሽ ትመለሻለሽ። አባባን ነፍሱን ይማረው፣ ክፉ ላነሳበት አይደለም። ግን ስንት ዓመት «ለምን እምቢ አላለችም?» እያልኩ ታዝቤሻለሁ። ይቅር በይኝ።

የ1952ቱን የፍትሐ ብሔር ሕግ ያነበብኩት ካደግሁ በኋላ ነው። ባል የቤተሰቡ የበላይ ነው፣ ሚስትም ልትታዘዘው ይገባል ይላል። ፍቺውን የሚወስኑት እነዚያው የቤተ ዘመድ ሽማግሌዎች ነበሩ። «ከባድ ምክንያት» ከተባሉት መካከል ዝሙት አለ። የት እንደገቡ ሳይታወቅ ሁለት ዓመት ቤት ጥሎ መጥፋት አለ። ድብደባ ግን የለም። ደጋግሜ ፈለግሁት እማዬ፣ የለም። ያለ ከባድ ምክንያት ልፋታ ያለች ደግሞ የንብረት ድርሻዋን ልታጣ ትችል ነበር። አራት ልጅ ይዘሽ ባዶ እጅሽን የት ትሄጂ ነበር?

ያ ሕግ 40 ዓመት ቆየ። ሴት የሕግ ባለሙያዎች ብዙ ተሟግተው በ1992 የቤተሰብ ሕጉ ተሻሻለ። ዛሬ እዚህ አዲስ አበባ አንዲት ሴት የባሏን ጥፋት ማስረዳት ሳይጠበቅባት ፍቺ መጠየቅ ትችላለች። ዳኛው ቢበዛ የ3 ወር የማሰቢያ ጊዜ ይሰጣል። ሽማግሌ ቢገባም ለማስታረቅ ነው፣ የሚወስነው ፍርድ ቤቱ ነው።

ሁሉም አልተስተካከለም። የወንጀል ሕጉ አስገድዶ መድፈርን የሚቀጣው «ከጋብቻ ውጭ» ሲሆን ነው። ባል ሚስቱን ቢያስገድድ ዝም ይላል። ይሄ መለወጥ አለበት። አንቺ ፊት ይህን መጻፍ ይከብደኛል፣ ግን አንቺ ካልገባሽ ለማን ይገባዋል?

ልጅቷ ተመልሳ ከመጣች አትመልሻት። ጓዳ ያለውን አልጋ አንጥፊላት። ቅዳሜ እመጣለሁ፤ እሺ ካለች ሰኞ ጠዋት ፍርድ ቤት አብሬያት እሄዳለሁ።

የጉልበትሽንም ቅባት ይዤልሽ እመጣለሁ።

የምትወድሽ ልጅሽ