የቼዝ ክበብ የዓመቱ ዘገባ፦ ታሪኩ በሰሌዳው ላይ

የቼዝ ክበብ በተገባደደው የትምህርት ዘመን ዓርብ ዓርብ ከሰዓት በኋላ በቤተ መጻሕፍቱ የኋለኛ ክፍል ሲሰበሰብ ቆይቷል። ዓመቱ ሲጀመር አባላቱ የፈለጉት ውድድር ብቻ ነበር። ይሁን እንጂ የተሟሉ ሰሌዳዎች ጥቂት፣ ተመዝጋቢዎቹ ደግሞ ብዙ በመሆናቸው፣ ተራ የሚጠብቁት እጃቸውን አጣጥፈው ከሚቀመጡ የታላላቅ ተጫዋቾችን ሕይወትና ሥራ እያጠኑ እንዲያቀርቡ ተስማማን። ለዚህም አንድ ደንብ አወጣሁ፤ ስለ አንድ ተጫዋች የሚናገር ተማሪ ከዚያ ሰው ግጥሚያዎች አንዱን በሰሌዳ ላይ እያንቀሳቀሰ ማሳየት አለበት። ስለ ቼዝ ሰዎች የሚወራው አብዛኛው ነገር ስለ ጠባያቸው፣ ስለ ጠባቸውና ስለ አሟሟታቸው ነው፤ እነዚህን ሰዎች ታላቅ ያደረጋቸው ግን ሰሌዳው ላይ የሠሩት ሥራ ነው።

የመጀመሪያው ገለጻ በ1837 በአሜሪካ ኒው ኦርሊንስ ስለተወለደው ፖል ሞርፊ ነበር (በዚህ ዘገባ የተጠቀሱት ዓመቶች በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ሞርፊ በ20 ዓመቱ ኒው ዮርክ ላይ የመጀመሪያውን የአሜሪካ የቼዝ ጉባኤ ውድድር አሸንፎ፣ በማግሥቱ ዓመት ወደ አውሮፓ ተሻግሮ ስመ ጥሩውን ጀርመናዊ አዶልፍ አንደርሰንን ፓሪስ ላይ ረታ። በዚያው በ1858 በፓሪስ ኦፔራ ቤት የብራንስዊክ መስፍንና አንድ ፈረንሳዊ ባላባት እየተመካከሩ የገጠሙት ጨዋታ 17 እንቅስቃሴ ብቻ ነው የፈጀው። አቅራቢዋ የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ ናት። 16ኛው ላይ ስትደርስ የነጩን ንግሥት አንሥታ የጥቁሩ ፈረስ አፍ ውስጥ ስታስቀምጣት ከኋላ የቆሙት “ተሳሳተች!” ብለው ጮኹ። እርሷ መልስ ሳትሰጥ ንግሥቲቱን በፈረሱ አስበላች፤ ቀጥላም የነጩን ግንብ እስከ መጨረሻው ረድፍ ገፍታ “ማት” (ንጉሡ ማምለጫ የለውም) አለች። ሞርፊ ከዚያ በኋላ ብዙም ሳይቆይ ውድድርን ትቶ በ47 ዓመቱ መሞቱን የነገረችን ሰሌዳው እንደዚያው እንዳለ ነው።

በክበባችን ከሁሉ ይልቅ ያነጋገረችው ግን ቬራ ሜንቺክ ናት። በ1906 ሞስኮ ላይ ተወልዳ ኋላ ወደ እንግሊዝ የሄደችው ሜንቺክ በ1927 የመጀመሪያዋ የሴቶች የዓለም ሻምፒዮን ሆናለች። በ1929 በካርልስባድ ከታላላቅ ወንዶች ጋር እንድትወዳደር ስትጋበዝ፣ የቪየናው አልበርት ቤከር “በእርሷ የሚሸነፍ ሁሉ የቬራ ሜንቺክ ክበብ አባል ይሁን” ብሎ ቀለደ፤ ብዙም ሳይቆይ የክበቡ የመጀመሪያ አባል ራሱ ሆነ። በ1935 የዓለም ሻምፒዮን የሆነው የሒሳብ መምህሩ ማክስ ዩቬም ከአባላቱ አንዱ ነው (የሒሳብ መምህራኖቻችን ይህን ሲሰሙ ቅር እንደማይላቸው ተስፋ አደርጋለሁ)። ሜንቺክ ሻምፒዮንነቷን እንደያዘች በ1944 ለንደን ላይ ከእናቷና ከእኅቷ ጋር በጀርመን የቦምብ ድብደባ ሞተች። ከዚያ ሳምንት ወዲህ በልጃገረዶች የተሸነፉ ወንዶች ስማቸው በጥቁር ሰሌዳው ጥግ ይጻፍ ጀመር፤ መዝገቡ በዓመቱ መጨረሻ ቦታ ጠቦታል። በ1991 ገና በ15 ዓመት ከ4 ወሯ ግራንድ ማስተር (የቼዝ ከፍተኛው ማዕረግ) ሆና የቦቢ ፊሸርን ክብረ ወሰን የሰበረችው፣ በ2002 ደግሞ የቀድሞውን የዓለም ሻምፒዮን ጋሪ ካስፓሮቭን በፈጣን ጨዋታ ያሸነፈችው የሃንጋሪዋ ዩዲት ፖልጋር ከዚያ ተከታትላ መቅረቧ በዚሁ ምክንያት ነው።

ሱልጣን ካንን ያመጣው የአሥራ አንደኛ ክፍል ተማሪ ሲሆን፣ በእኔ ግምት የዓመቱ ምርጥ ገለጻ ይህ ነው። ይህ የፑንጃብ ሰው ለአንድ ባለጸጋ የሚያገለግል ነበር፤ ቼዝ የተማረውም ወታደሩ በመነሻው ሁለት ቤት መዝለል በማይፈቀድለት በአገሩ ሕግ ነው። ጌታው ይዞት እንግሊዝ ከሄደ በኋላ በ1929፣ በ1932 እና በ1933 የብሪታንያ ሻምፒዮን ሆነ፤ በሄስቲንግስ ከተማ ደግሞ የቀድሞውን የዓለም ሻምፒዮን ካፓብላንካን አሸነፈ። ጌታው ሲመለስ አብሮ ተመለሰና ከታላላቅ ውድድሮች ርቆ በ1966 ሞተ። የግራንድ ማስተር የክብር ማዕረግ የተሰጠው በ2024 ነው፤ ተማሪዎቹም “ዘገየ” ሲሉ በአንድ ድምፅ ፈረዱ።

የሌላ አገር ሕግ ሲነሣ የእኛው አገር ባህላዊ ቼዝ፣ ሰንጠረዥ፣ መነሣቱ አልቀረም። በዐፄ ቴዎድሮስ ዘመን የእንግሊዝ ቆንስል የነበረው፣ በ1860 በአማፅያን ቆስሎ እዚሁ ጎንደር ላይ የሞተው ዋልተር ፕላውደን ስለዚህ ጨዋታ ጽፎ አልፏል። በሰንጠረዥ መጀመሪያ ላይ ሁለቱ ወገኖች ተራ ሳይጠባበቁ፣ የመጀመሪያው ጠጠር እስኪበላ ድረስ፣ እንደፈለጋቸው ያሰልፋሉ፤ ይህም ወረራ ይባላል። አንድ ዓርብ በዚህ ሕግ ሞከርነው። አራት እጆች በአንድ ሰሌዳ ላይ ሲሯሯጡ ጠጠሩ ወለል ላይ ፈሰሰ፣ የቤተ መጻሕፍቱ ኃላፊም ሁለት ጊዜ መጥተው ገሠጹን። ሆኖም ዘወትር በእያንዳንዱ እንቅስቃሴ ላይ ረጅም ጊዜ የሚያስቡ ልጆች የዚያን ዕለት በሌላ ዓይን የተጋጣሚያቸውን አሰላለፍ ሲከታተሉ አይቻለሁ።

አሜሪካዊውን ቦቢ ፊሸርን ሁሉም ለማቅረብ ይሻማ ነበር። ዕጣው የደረሰው ልጅ በአይስላንድ ሬይክያቪክ ስለተካሄደው የ1972ቱ የዓለም ሻምፒዮና ግጥሚያ ውዝግብ፣ ፊሸር ስለ ካሜራዎቹ ስለማማረሩና በሁለተኛው ጨዋታ ስለመቅረቱ ብዙ ተዘጋጅቶ ነበር። ደንቡ ግን ስድስተኛውን ጨዋታ በሰሌዳ እንዲያሳይ አስገደደው፤ ፊሸር ያሸነፈው ያ ጨዋታ ሲያበቃ ተሸናፊው፣ የወቅቱ የዓለም ሻምፒዮን ቦሪስ ስፓስኪ፣ ከታዳሚው ጋር አብሮ አጨብጭቦለታል። ፊሸር በመጨረሻ 12.5 ለ8.5 አሸንፎ ሻምፒዮን ሆነ፤ በ1975 ዘውዱን ሳይከላከል አጣው። ከገለጻው በኋላ የተነሡት ጥያቄዎች በሙሉ ስለ ስፓስኪ ነበሩ። ለ27 ዓመት ሻምፒዮን የነበረውን ላስከርንና በ23 ዓመቱ ዘውድ የጫነውን ታልን ግን የፈተናው ወቅት ስለደረሰብን በችኮላ አልፈናቸዋል፤ በተለይ ታል ከዚህ የተሻለ ጊዜ ይገባው ነበር።

ለሚቀጥለው ዓመት ህንዳዊው ቪስዋናታን አናንድ፣ የጆርጂያዋ ኖና ጋፕሪንዳሽቪሊና የዛምቢያው ግራንድ ማስተር አሞን ሲሙቶዌ ተመርጠዋል። የሲሙቶዌን ግጥሚያዎች ሁለት የአሥረኛ ክፍል ተማሪዎች በክረምቱ ለማሰባሰብ ተረክበዋል። ክበቡ አሁን የሚያስፈልገው የቼዝ ሰዓት ነው፤ እስካሁን የተጠቀምነው በእጅ ስልክ ሲሆን፣ ባትሪው ሲያልቅ ማን እንደዘገየ የሚዳኘው ጠፍቶ ከአንድ ጊዜ በላይ ተጨቃጭቀናል።