የቴአትርና ፊልም ክበብ የዓመቱ ዘገባ፦ ከፒዬችካ ጋር ከረምን

ዘንድሮ ክበቡ ሲጀምር እንደ ሁልጊዜው ሁሉም ልጅ መሪ ተዋናይ መሆን ነበር የፈለገው፣ በር ከፍቶ "እንግዳ መጥቷል" ብሎ የሚወጣውን ሰውዬ ልስራ የሚል አንድም አልነበረም። እና በቃ ዓመቱን አንድ የአጃቢ ገጸ ባህሪ አክተር እያጠናን እንክረም አልኳቸው፣ የመረጥኩላቸው ፖላንዳዊውን ፍራንቺሼክ ፒዬችካን ነው፣ እኔ ይሄን ሰውዬ በጣም ነው የምወደው።

ፒዬችካ እ.ኤ.አ. በ1928 ጎዱፍ የምትባል የሲሌዢያ መንደር ነው የተወለደው፣ የድንጋይ ከሰል አገር ነው፣ አባቱ ማዕድን ቆፋሪ ነበር እሱም ወደ ቴአትር ሳይገባ ማዕድን ቤት ሰርቷል። በ1954 ዋርሶ ተመረቀና ትንሽ ቆይቶ ኖቫ ሁታ የሚባለው አዲሱ የብረት ሰራተኞች ከተማ ቴአትር ገባ፣ ከዛ ክራኮቭ፣ ከዛ ዋርሶ። አገሩ በሙሉ ያወቀው ግን በ1966 በጀመረው ስለ አራት ታንከኞችና ስለ ውሻቸው በሚያወራው የቲቪ ድራማ ነው፣ ጉስትሊክ የሚባለውን ጉልበተኛ የሲሌዢያ ልጅ ሆኖ።

ልጆቹን የያዛቸው ግን ሌላ ነው። በ1977 ዋርሶ ፖቭሼህኒ ቴአትር ዚግሙንት ሂዩብነር ባዘጋጀው "የኩኩ ጎጆ" ላይ ፒዬችካ ብሮምደንን ነው የሰራው፣ ያ መስማትም መናገርም የማይችል መስሎ የአእምሮ ሆስፒታል ውስጥ የሚኖረው ግዙፍ ሰው! አስቡት፣ አብዛኛውን ሰዓት ዝም ብለህ መድረክ ላይ ቆመህ ተመልካች እንዳይረሳህ ማድረግ። እኛም ከዚህ ተነስተን ልምምድ ፈጠርን፣ አንድ ልጅ መጥረጊያ ይዞ ይቆማል ሌሎቹ ይከራከራሉ፣ እሱ ቃል ሳይተነፍስ ማንን እንደሚፈራ ማንን እንደሚወድ እኛ ማወቅ አለብን። መጀመሪያ ሁሉም ፊቱን እያጨማደደ ነበር የሚሰራው፣ በኋላ ግን ማዳመጥ ጀመሩ፣ እውነት ለመናገር ዓመቱን ሙሉ ያየሁት ትልቁ ለውጥ እሱ ነው። በጣም ዝምተኛ የነበረች የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ ከሁሉም በለጠች።

ሌላው ያወራንበት ዳይሬክተሩ ዬዢ ካቫሌሮቪች እንዴት ደጋግሞ እንደፈለገው ነው። በ1961 ስለ ገዳም መነኮሳይት በሰራው ፊልም ትንሽ ቦታ ሰጠው፣ በ2001 "ኮ ቫዲስ" ላይ ደግሞ ቅዱስ ጴጥሮስን፣ መሀሉ አርባ ዓመት ነው። በሌላው ፖላንዳዊ ዳይሬክተር በቫይዳ ፊልም "የተስፋይቱ ምድር" (1975) የዉጅ ከተማ ጀርመናዊ ፋብሪካ ባለቤት ነው፣ ከ2006 ጀምሮ በሄደው ራንቾ በሚባለው ተከታታይ ድራማ ደግሞ ሱቅ በር ላይ አግዳሚ ወንበር ላይ ከጓደኞቹ ጋር የሚውለው ሽማግሌ፣ ሁለቱን አንድ ሰው ሰራቸው ብሎ ማን ያምናል? በ2022 በ94 ዓመቱ ነው ያረፈው።

በወላጆች ቀን ያቀረብነው ድራማ ላይ በር ከፋቹን ለመስራት ሦስት ልጆች ተወዳድረዋል፣ ኮራሁባቸው። ለሚቀጥለው ዓመት በካቫሌሮቪች "አውስቴርያ" (1982) እንጀምራለን፣ እዛ ላይ ፒዬችካ የአንደኛው የዓለም ጦርነት ሲነሳ ስደተኞችን የሚያስጠልለውን አይሁዳዊ የእንግዳ ማረፊያ ባለቤት ታግን ነው የሚሰራው፣ ፊልሙን እሱ ነው የተሸከመው፣ አዲስ መመዝገብ የምትፈልጉ ሰኔ ሳያልቅ ኑ።