ቦምቡ ሳይሆን ውሸቱ

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

ሰላም ብያለሁ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘመን ስላደጉ ልጆች የሚተርኩ የፈረንሳይ ፊልሞች በተነሱ ቁጥር አንድ አባባል አትቀርም፦ «ጦርነቱ የዋህነታቸውን ነጠቃቸው»። እናንተም ጋ አንብቤያታለሁ። ከዚያ ወሬው ይዘጋል። እኔ ግን ፊልሞቹን ሳያቸው ልጆቹን የሚሰብራቸው ቦምቡ አይመስለኝም።

የሬኔ ክሌማንን «የተከለከሉ ጨዋታዎች» እዩት፣ የ1952 ሥራ ነው (ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው)። ጊዜው ሰኔ 1940 ነው፤ ሕዝቡ ከጀርመን ጦር እየሸሸ መንገዱን ሞልቶታል፣ አውሮፕላን መጥቶ የአምስት ዓመቷን የፖሌትን እናትና አባት ይገድልባታል፣ እሷም የሞተ ውሻዋን ታቅፋ ትሄዳለች። ከባድ ነው። ግን ገና ልጅ ናት። አንድ ገበሬ ቤት ተጠግታ ከልጃቸው ከሚሼል ጋር ለውሻው፣ ለፍልፈሉ፣ ላገኙት እንስሳ ሁሉ መቃብር ይሠራሉ፣ መስቀሉንም ከሰው መቃብር ይሰርቃሉ። አዋቂዎቹ በዚሁ መስቀል ጦስ ጉድጓድ ውስጥ ወድቀው ይቧቀሳሉ (እንግዲህ ልጁ ማን ነው?)። በመጨረሻ አባትየው «መስቀሎቹ የት እንዳሉ ንገረኝ፣ ልጅቷ እዚሁ ትቀራለች» ይለዋል። ሚሼል ይናገራል። ጄንዳርሞቹ (የገጠሩ ፖሊሶች) ግን ይዘዋት ይሄዳሉ። ለእኔ የሚሼል ልጅነት ያበቃው እዚያች ጋ ነው፣ የገዛ አባቱ ቃሉን ሲያጥፍ።

የሉዊ ማል «ደህና ሁኑ ልጆች»ም እንደዚያው ነው። በ1987 በቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል የወርቅ አንበሳ ሽልማት ያገኘው ፊልም፣ ማል ራሱ በ11 ዓመቱ ካየው የተነሳ። ጥር 1944፣ መነኮሳት የሚያስተዳድሩት አዳሪ ትምህርት ቤት፣ በሐሰት ስም የተደበቁ አይሁድ ልጆች። የጌስታፖው (የናዚ ምስጢር ፖሊስ) ሰው ክፍል ገብቶ አይሁዱን ልጅ ፈልጎ ይጠይቃል፣ ማንም አይመልስም። ፊቱን አዙሮ ከካርታው ላይ ባንዲራዎቹን እየነቀለ ሳለ ተማሪው ዡልየን ሳያስበው ከተደበቁት አንዱ ወደሆነው ጓደኛው ወደ ቦኔ ዞር ይላል። ሰውየው ያየዋል። አለቀ።

ሰው ሁሉ ይህችን እይታ ያስታውሳል፣ ልክ ነው። ዦዜፍን ግን ማን ያነሳል? የወጥ ቤቱ አንካሳ ልጅ። የሀብታም ልጆቹ በድብቅ ማርማላታ እየሰጡት ቴምብር ይቀበሉታል፣ ዡልየንም አንዱ ነው። ሲያዙ እነሱ ይቀጣሉ፣ ዦዜፍ ብቻ ይባረራል። የትምህርት ቤቱ ኃላፊ መነኩሴ ራሳቸው ግፍ መሆኑን ያውቁታል፣ ግን የተማሪዎቹ ወላጆች አሉ! ከዚያ ነው ዦዜፍ ለጀርመኖች የሚጠቁመው። ጥቆማው ይቅር የሚባል አይደለም፣ የተያዙት ልጆችና መነኩሴው የሞቱት በናዚ ካምፖች፣ በኦሽዊትዝና በማውትሃውዘን ነው። ቢሆንም እሱም ልጅ ነበር፣ በሩንም የዘጉበት ደጎቹ ሰዎች ናቸው።

ስለዚህ በሚቀጥለው ጊዜ ስለነዚህ ፊልሞች ስትጽፉ «ጦርነቱ ነጠቃቸው» የምትለዋን ተዉልንና ስለ ዦዜፍ ጻፉልን። ቦታ ከጠበባችሁ የቦኔን አሳጥሩት፣ እሱን ብዙዎች ጽፈውታል።

አንባቢያችሁ